አባቴን በገጨው ሰው ቤት

አባቴ አህያችንን እየነዳ ከነቀምቴ ገበያ ወደ ጉቴ ሲመለስ ቡና የጫነ መኪና ገጭቶ ገደለው። እኔ ያኔ ስምንተኛ ክፍልን ገና መጨረሴ ነበር።

ሹፌሩ ጥቂት ወራት ታስሮ ተፈታ። ከዚያ በኋላ የሁለቱ ወገን ሽማግሌዎች ለጉማ፣ ለደም ካሳው ማለት ነው፣ ተቀመጡ። ዘመኑ የደርግ ነው፤ የገበሬ ማኅበሩ ሊቀ መንበር «ይህ ኋላ ቀር ልማድ ነው» ሲል ከርሞ ያን ቀን ራሱ መጥቶ ሣሩ ላይ ከሽማግሌዎቹ ጋር ተቀመጠ። እኛ ከጅረቱ ወዲህ፣ እነሱ ከጅረቱ ወዲያ። እርቅ እስኪወርድ ድረስ አብሮ ውኃ መጠጣት እንኳ አይቻልም።

ሽማግሌዎቹ ስለ ከብትና ስለ ብር ሲነጋገሩ እናቴ ብድግ አለች። በዚያ ጉባኤ ሴት ብዙም አትናገርም፤ ግን ማንም አላስቆማትም።

«ከብት አልፈልግም» አለች። «ይህቺን ልጅ ነቀምቴ አስገብቶ ሊያስተምራት ያሰበው አባቷ ነበር። አሁን እዚህ ሰውዬ ቤት ትቀመጥና ትማር።»

ሹፌሩ ጭንቅላቱን በሁለት እጁ ያዘ። ሽማግሌዎቹ ተስማሙ፤ እኔን የጠየቀኝ የለም። ወደ ቤት ስንመለስ «የሱን እንጀራ አልበላም» አልኳት።

«የምትበዪው የአባትሽን ነው» አለችኝ።

ነቀምቴ ያለው የሹፌሩ ቤት ሁለት ክፍል ነበረው። ሚስቱን አዴ እያልኩ እጠራታለሁ፤ በኦሮምኛ ለሴት የአክብሮት መጠሪያ ነው። የምትሄድበት የወንጌላውያን ቤተ ክርስቲያን በደርግ ታሽጎ ስለነበር ከጎረቤቶቿ ጋር ሳሎን ውስጥ ተሰብስበው ድምፃቸውን ዝቅ አድርገው ይዘምሩ ነበር። ጸጉሬን የምትሠራኝ እሷ ናት። እሱ መንዳት ትቶ ጋራዥ ውስጥ ይሠራል። እኔ ስገባ ይወጣል፤ እኔ በልቼ ካልተነሣሁ ወደ ገበታው አይቀርብም። ዓመቱን ሙሉ ከሰላምታ ያለፈ ቃል አልተለዋወጥንም።

አሥረኛ ክፍል ሳለሁ አንድ ቀን ከሰዓት በኋላ አዴ ቀበሌ ሱቅ ለስኳር ልትሰለፍ ሄደች። ዝናቡ ይወርዳል፤ ስለዚህ እሱ እንደ ልማዱ ሊወጣ አልቻለም። እንዴት እንደ ደፈርኩ አላውቅም፤ ጠየቅኩት።

«አባቴ ወዲያው ነው የሞተው?»

ወንበር ሳበ። ከዚያ ፊት ለፊቴ ተቀመጠ።

«ወዲያው አይደለም።»

«ምን አለ?»

«ኢንታላ ኮ» አለኝ፤ ልጄ ማለቱ ነው። «‹አህያዋስ?› አለኝ። ‹ደህና ናት› አልኩት። ‹ተመስገን› አለ። እጁን ይዤው ነበር።»

አህያዋ እዚያው መንገዱ ላይ እንደ ሞተች መንደሩ ሁሉ ያውቃል። እኔም አውቃለሁ፤ እሱም እንደማውቅ ያውቃል።

«ይህን ለማን ተናገርክ?»

«ማን ጠየቀኝ? ፖሊሱ የጠየቀኝ ስለ ፍሬኑ ነው።»

አለቀስኩ። እሱም አለቀሰ። አዴ ስኳሯን ይዛ ስትገባ በአንድ ጠረጴዛ ተቀምጠን አየችን፤ ስኳሩን አስቀምጣ ዝናቡ ውስጥ ተመልሳ ወጣች።

ትምህርት ሲዘጋ ለእናቴ ነገርኳት። ልካ አስጠራችው። መጣና ደጃፉ ላይ ተቀምጦ ከመጀመሪያው ጀምሮ ነገራት። እሷ መሬት መሬቱን እያየች ሰማችው።

«ብቻውን አልነበረማ» አለች በመጨረሻ። ከዚያ ገብታ ምሳ አቀረበችለት።

ያ ሁሉ ካሳ ነበር ወይ ብባል መልሱን እርግጠኛ ሆኜ አልናገርም። አባቴን የሚተካ ነገር አላገኘሁም፤ አዴ ጸጉሬን ስትሠራኝ ደስ ሲለኝ በራሴ የምናደድባቸው ቀናትም ነበሩ። እናቴ ግን ከዚያች ምሳ በኋላ ሌሊት መባነኗ ቀረ።

አሥራ ሁለተኛን ጨርሼ፣ ሠልጥኜ፣ ዲጋ ወረዳ መምህርት ሆኜ ተመደብኩ። እሱ በዚያ ጊዜ ወደ ሹፍርናው ተመልሶ ነበር። ፍራሼንና ሣጥኔን ጭኖ ያደረሰኝ እሱ ነው፤ እኔ ጋቢና ተቀምጬ፣ አዴ መሀላችን። በጣም ቀስ ብሎ ይነዳ ነበር። ከኋላችን የነበሩት መኪናዎች ጡሩንባ እየነፉ አለፉን።