ጋሽ ተስፋዬን የሸኘንበት ቀን

የኳስ ዳኛ ፊሽካ ሲነፋ እኔ ትዝ የሚለኝ ባቡር ነው። እዚህ አሜሪካ፣ ዴንቨር አጠገብ ባለችው አውሮራ ልጄ ኳስ ሲጫወት ፊሽካ በተነፋ ቁጥር፣ እጄ ሳላስበው አጠገቤ ያለውን ሰው ጭምድድ ያደርጋል። ጥፋቱ የእናቴ ታላቅ ወንድም የጋሽ ተስፋዬ ነው።

ዘጠኝ ዓመቴ ነበር፤ የምንኖረው ጀርመን፣ ኮሎኝ። የባቡር ጣቢያው ግርግር አሁንም ዓይኔ ላይ አለ፦ ፊደሎቹ ቀጭ ቀጭ እያሉ የሚገለባበጡበት ሰሌዳ፣ የተጠበሰ ቋሊማ ሽታ፣ የሲጋራ ጭስ። ጀርመኖቹ ተጨባብጠው ወዲያው ይለያያሉ። እኛ ግን መንገደኛውን ወንበሩ ላይ ካላስቀመጥን፣ ስመን ስመን ካልጠገብን ሸኘን አንልም።

ጋሽ ተስፋዬ ስንት ዓመት የጠበቁት የዴንቨር ጉዞ ደርሶ፣ አውሮፕላኑ የሚነሳው ከፍራንክፈርት ነው። እማዬ ሻንጣቸውንና ፓስፖርታቸው ያለበትን ቦርሳ ይዛ ባቡሩ ውስጥ ገባች፤ ቦታ ልታስተካክል። እሳቸው በሩ ላይ ቆመው ሲያዩኝ እያለቀስኩ ነው። አላስቻላቸውም፤ "አንዴ ብቻ ልሳማት!" ብለው ወረዱ።

ፊሽካው ተነፋ፣ በሩ ተዘጋ። ተጓዡ እኔ ጋ ቀሩ፣ ሸኚዋ ሄደች።

"ኧረ ጉድ ሆንኩ! ፓስፖርቴ!"

ጀርመንኛ የምችለው እኔ ነኝ። ሮጬ ባለ ቀይ ኮፍያውን የጣቢያ ሠራተኛ እጁን ያዝኩት። ሳቁን እየዋጠ ባቡሩ ቀጥሎ ወደሚቆምበት ቦን ጣቢያ ደወለና እማዬን እንዲያስወርዱልን ነገራቸው። በሚቀጥለው ባቡር ስንደርስ፣ ቦን ላይ ሻንጣው ላይ ተቀምጣ አገኘናት። እኛ ወዳለንበት ባቡር እየገባች "ሁለተኛ ሽኝት ላይ ብታለቅሺ ውርድ ከራሴ!" አለችኝ፤ ከዚያ ሦስታችንም እስከ ፍራንክፈርት በሳቅ ፍርስ አልን። አውሮፕላኑን በጭንቅ ደረሱበት። ኋላ እኛንም እዚህ ያስመጡን እሳቸው ናቸው።

ዛሬ ሽኝት ማለት መኪና ሳያጠፉ ድሮፕ ማድረግ፣ በር ላይ አውርዶ መሄድ ሆኗል። ባለፈው ወር ጋሽ ተስፋዬ ሲያትል ልጃቸው ጋ ሊሄዱ ሲሉ፣ መንዳት ከጀመረው ልጄ ጋር ባቡር ጣቢያ አደረስናቸው፤ መኪናዬን ፓርክ አድርጌ ወደ ኤርፖርት የሚወስደው ባቡር ውስጥ አብሬያቸው ገባሁ፤ ወንበር ላይ አስቀመጥኳቸው፣ ሳምኳቸው። በሩ መጮህ ጀመረ።

"ማም፣ ዘ ዶር!" አለ ልጄ ከውጭ።

የመኪናውን ቁልፍ ወረወርኩለትና አጠገባቸው ቁጭ አልኩ።

ጋሽ ተስፋዬ ቦርሳቸውን አቅፈው "ኧረ ውረጂ ልጄ! ደግሞ ዛሬ ማን ሊሄድ ነው?" አሉኝ እየሳቁ።

ያኔ እኔን ሊስሙ ዘለው ወርደው ነበር። አሁን ጉልበታቸው መውጣት መውረድ አይችልም፤ እኔ ልግባላቸው እንጂ።