ከግዳጅ ያልተመለሰው አጎቴ መርዶ

ጀግና ይሞታል። አይሞትም የሚሉት ባነር የሚያሠሩ ሰዎች ናቸው፤ ዘመዳቸው የት እንደወደቀ ጠፍቶባቸው አያውቅም።

የእናቴ ወንድም የግምጃ ቤት ከተማ ልጅ፣ የተዋጊ ጀት አብራሪ ነበር። በምሥራቁ ጦርነት ጊዜ አንድ ጠዋት ተነሥቶ ሄደ፤ በዚያው ቀረ። ለቤተሰቡ የደረሰው ደብዳቤ «ከግዳጅ አልተመለሰም» ይላል። ሞተ አይልም፤ ተማረከም አይልም። ለአያቴ ያነበበላት መምህር አንጀቱ አልችል ብሎት «እስካሁን ከግዳጅ አልተመለሰም» አላት። ከሦስቱ ቃላት አያቴ ያመነችው የመጀመሪያውን ብቻ ነው፤ እሱ ደግሞ ደብዳቤው ላይ የለም።

ስለዚህ ለቅሶ አልተቀመጡም። በእኛ አገር ሞት በወረቀት አይታመንም። ሽማግሌዎች ማለዳ ደጅ ላይ ቆመው፣ ዘመድ ተሰብስቦ፣ መርዶ ካልተነገረ ሰውየው አለ። ምርኮኞች ተመለሱ፤ እሱ ከመካከላቸው አልነበረም። አያቴ እንደጠበቀች ሞተች፤ እናቴም ተከተለቻት። የቀረችው ዘንገና ሐይቅ አጠገብ የምትኖረው ታናሽ አክስቴ ናት። ሰማንያ ዓመት አልፏታል።

ከሁለት ዓመት በፊት አስጠራችኝ። «አንተ ስታነብ አርጅተሃል፤ እስቲ ለአንድ ቀን እንኳ ይጥቀመን። ወንድሜ ሞቷል ወይስ አለ?» አለችኝ።

ፍትሐት እናስደርግለት አልኳት።

«መሞቱን ሳላውቅ በፍትሐት ልግደለው? ሳላለቅስለት ብሞትስ ማን ያለቅስለታል? አንተ? አንተ እናትህን ስንቀብርም ስለ መቃብር ታሪክ ስታወራ ነበር።»

እውነቷን ነው።

ፍለጋ ጀመርኩ። አዲስ አበባ ድረስ ሄጄ የድሮ ጋዜጦች አቧራ ጠጣሁ። ከምኖርበት ከእንጅባራም ኔትወርክ በሚኖርበት ቀን ጡረታ የወጡ መኮንኖች ጋር እየደወልኩ ጠየቅሁ። ከዓመት ተኩል በኋላ የጀቱን የክንፍ ርዝመት፣ የሞተሩን ጉልበት፣ የሚጭነውን ጥይት ብዛት አወቅሁ። ደብተር ላይ ሃያ ገጽ ጽፌ ለአክስቴ በኩራት አነበብኩላት። ጎመኗን እየቀነጠሰች እስከ መጨረሻው ታገሠችኝና «ስለ ብረቱስ ብዙ ታውቃለህ» አለች።

ቀጥሎ የሆነውን የምርምር ውጤት አስመስዬ ባወራው ደስ ይለኝ ነበር። ባሕር ዳር ልሄድ የተሳፈርኩበት ሚኒባስ ዳንግላ ላይ ተበላሸ። ማደሪያ ልፈልግ የያዝኩት ባጃጅ ደግሞ ዳገቱ ላይ አቃሰተና ቆመ። ሾፌሩ እየገፋ ጋራዥ አደረሰን። ባለጋራዡ አሮጌ ጎማ ላይ የተቀመጡ፣ ሰባ አምስት ዓመት የሚሆናቸው ሽማግሌ ነበሩ።

«ዛሬ ደግሞ ምን ሆነች?»

«ዳገት አልወጣም አለች፣ ጋሼ።»

«ስንት ጀት ሽቅብ ልኬ፣ አንተ በዚች ዳገት ትጨቀጭቀኛለህ!»

ጀት ሲሉ ጆሮዬ ቆመ። የት እንደሠሩ ጠየቅኋቸው። አየር ኃይል ቴክኒሻን ነበሩ፤ በምሥራቁ ጦርነትም ነበሩበት። የአጎቴን ስም ነገርኳቸው። እጃቸውን በጨርቅ ጠረጉ፤ የተጠረገውን እጅ እንደገና ጠረጉ።

«የግምጃ ቤቱን ልጅ? የዚያን ቀን ቀበቶውን ያሰርኩለት እኔ ነኝ» አሉ።

ሁለት ጀቶች ሄደው አንዱ ተመለሰ። የተመለሰው አብራሪ የአጎቴ ጀት ተመትቶ ኮረብታ ላይ ሲወድቅ በዓይኑ አይቷል፤ ጃንጥላ አልተከፈተም። ከቀናት በኋላ፣ ደብዳቤው ከተላከ ወዲያ፣ እግረኛ ጦር ቦታው ደርሶ እዚያው ኮረብታው ሥር ቀበረው። በቃ። ሃያ ገጽ የሞላው ሰው የሚፈልገው ነገር አራት ዓረፍተ ነገር ነበር፤ እሱም ከእንጅባራ በሚኒባስ አንድ ሰዓት በማይሞላ መንገድ ላይ፣ ጎማ ላይ ተቀምጦ ኖሯል።

«ታዲያ ለምን አልነገሩንም?» አልኩ፣ ድምፄን ከፍ አድርጌ።

«በዚያው ሰሞን ፈቃድ ወጥቼ ሳለ ግምጃ ቤት ገበያ ላይ አያትህ አገኙኝ። ከልጃቸው ጋር ቤታቸው ፋሲካ ስለበላሁ ያውቁኛል። የደንብ ልብሴን ጨምድደው ‹ልጄ ደኅና ነው?› አሉኝ። ገበያ መሐል፣ ብቻቸውን፣ ጨው ተሸክመው። እንዲህ ላለች እናት መርዶ ይነገራል? ሽማግሌ ይዤ እመጣለሁ ብዬ ‹ደኅና ነው› አልኳቸው። በማግሥቱ ወደ ክፍሌ በአስቸኳይ ተጠራሁ።»

«ከዚያ ወዲህስ?»

«ከዚያ ወዲህ አፈርኩ። የመጀመሪያው ዓመት ላይ ብመጣ ይሰድቡኝ ነበር። ዐሥር ዓመት ሲሞላው ምን ብዬ ልምጣ?»

በቂ ስድብ አዘጋጅቼ ነበር፤ ዋጥኩት። «አሁን አብረውኝ ይመጣሉ» አልኳቸው። ሾፌሩን «ባጃጅህን ሌላ ሰው ይሥራልህ» ብለው ተነሡ።

ዘመድ አዝማዱን ሰበሰብኩ፤ ጎረቤት ሴቶች ንፍሮ ቀቀሉ። በሦስተኛው ቀን ማለዳ ከሦስት ሽማግሌዎችና ከባለጋራዡ ጋር አክስቴ ደጅ ቆምን። በሩን ከፍታ አንድ በአንድ አየችን።

«መጣችሁ? እኔማ ስጠብቃችሁ አረጀሁ» አለች።

ትልቁ ሽማግሌ መርዶውን ነገሯት። በአገውኛ አለቀሰች፤ የከተማ ልጅ ነኝና ግማሹ ብቻ ገባኝ፤ እሱም በቃኝ። ለወንድ ልቅሶ እንደሚደረገው ባዶ ኮርቻ የተጫነ ፈረስ ሜዳው ላይ ዞረ፤ ኮርቻው ላይ ፎቶው ታስሮ ነበር። አንዱ ሽማግሌ «አውሮፕላን ከየት እናመጣለታለን፤ በፈረስ ይቻለን» ሲል እያለቀሱ የነበሩት ሳቁ።

ረፋድ ላይ ባለጋራዡ አክስቴ ፊት ተንበረከኩ። «እናትዎን ደኅና ነው ብዬ የዋሸሁ እኔ ነኝ።»

«እናቴ በዚያች ቃል ደስ ብሏት ኖረች፤ ለእሷ ደግ ሠራህ። ለእኔ ግን ክፉ ሠራህ። በል፣ ተቀመጥና ስለ ሁለታችንም አልቅስ» አለች። አለቀሱ፤ ንፍሮም በሉ።

እኔ ታሪኩ እዚህ ያበቃል ብዬ ነበር። አክስቴ ግን ከፍትሐቱ በኋላ አፏ ተፈታ። ስለ ወንድሟ አንድም ቀን አውርታልኝ አታውቅም ነበር፤ በሕይወት እንዳለ ሰው አይታማ፣ እንደ ሞተ ሰው አይነሣ። አሁን ከፈረስ ሁለት ጊዜ ወድቆ ሦስተኛ አልወጣም ብሎ እንደነበር፣ የሰው ድንች ቆፍሮ ሲበላ እንደተያዘ፣ ዋሽንት ሊማር ሞክሮ ጎረቤት እንዳስመረረ ትነግረኛለች። ባለጋራዡም በየሁለት ሳምንቱ እየመጡ የጎደለውን ይሞላሉ፤ በአንዳንዱ ይከራከራሉ። የክንፉን ርዝመት ሰርዤዋለሁ። የሚነግሩኝን የምጽፍበት ሌላ ደብተር ጀምሬ ጨርሻለሁ፤ ሦስተኛው ግማሹ ላይ ደርሷል።

አንባቢ ሆይ፣ አንድ ሰው የት እንደወደቀ አንተ እያወቅህ ቤተሰቡ የማያውቅ ከሆነ፣ ሽማግሌ ይዘህ በዚህ ሳምንት ሂድና ንገራቸው።