የኮኩሞ እናት ደጃፍ

ባለፈው ሳምንት ቶርንተን ከተማ አንድ ግሮሰሪ ውስጥ ሙዝ ስመርጥ፣ ከኋላዬ አንዲት ሴት «ኮኩሞ!» ብላ ተጣራች። ዘወር ስል ጋሪ ይዞ የሚሮጥ ትንሽ ልጅ ነው። ልጁን አላውቀውም፤ ስሙን ግን አውቀዋለሁ።

ያን ስም መጀመሪያ ስሰማ አሥራ አምስት ዓመቴ ነበር። ኦሮራ ከተማ፣ ቻምበርስ ሮድ የሚባል ጎዳና ላይ፣ ግድግዳ የምትጋራን ጎረቤታችን ናይጄሪያዊት ነበረች፤ የዮሩባ ብሔር ተወላጅ ናት። ሕፃን ልጇን ኮኩሞ ስለምትለው እኛም «የኮኩሞ እናት» እንላታለን። ቅዳሜ ቅዳሜ ፕላንቴን የሚሉትን ሙዝ ጠብሳ ታመጣለች፤ እናቴ ደግሞ ድፎ ቆርሳ ትልካለች። እናቴ እንግሊዝኛ ስለማትችል የሁለቱ ወሬ የሚያልፈው በእኔ አፍ ነበር። ጨው ለመበዳደር እንኳ አስተርጓሚ ይፈልጋሉ።

አንድ በረዷማ ቀን፣ ከኮኩሞ በፊት ሁለት ወንዶች እንደቀበረች ነገረችን። በእነሱ እምነት የሚመላለሰው ያው አንድ ልጅ ነው፤ ይወለዳል፣ እናቱን ጥሎ ይሄዳል፣ ደግሞ ይመጣል። ሦስተኛውን ኮኩሞ፣ «ዳግመኛ አይሞትም» ብላ ሰየመችው። ስሙ ልመናዋ ነው።

«አደራ፣ ለሰው አትንገሩብኝ» አለች።

እናቴ አለቀሰች። «እኔም ከዚህች በፊት ወንድ ልጅ ቀብሬያለሁ በያት» አለችኝ። ወንድም እንደነበረኝ ያወቅኩት ያኔ፣ ስተረጉም ነው።

በሳምንቱ እናቴ ሦስት የቸርች እህቶች አስከትላ፣ ዘይት ይዛ፣ «ነይ፣ ለጸሎት ነው» አለችኝ። የኮኩሞ እናት ስቃ ከፈተችልን። አንደኛዋ ሴትዮ ወደ ሕፃኑ እያመለከተች፣ «እላዩ ላይ ያለውን የሞት መንፈስ ልናስወጣ ነው የመጣነው በያት» አለችኝ። አልተረጎምኩላትም። መተርጎምም አላስፈለገ፤ እጆች ወደ ልጁ ራስ ሲዘረጉ አየች። ኮኩሞን ብድግ አድርጋ ደረቷ ላይ ለጠፈችው። ዓይኗ ግን እኔ ላይ ነበር።

«አንቺም?» ብላ በሩን ዘጋች።

ቤት ስንገባ «አደራ በላሽ!» አልኳት እናቴን።

«ለልጁ ብዬ ነው። ባዕድ አምልኮ እኮ ነው የኔ ልጅ፣ ዝም ይባላል?»

«እኔንስ ምትኬ ብለሽ የሰየምሽኝ በማን ምትክ ነው?»

ዘይቱን ይዛ ወደ ጓዳ ገባች። ጎረቤታችንም በሯን ዳግመኛ አልከፈተችልንም፤ በረዶው ሳይቀልጥ ለቀው ሄዱ። እናቴን ብዙ ነገር ይቅር ብያታለሁ፤ ይሄን ግን እስካሁን አልቻልኩም።

ከግሮሰሪው ስመለስ የሰማሁትን ስም ነገርኳት። አርጅታለች፤ ብዙ አትናገርም።

«ያ ልጅ ቆይቶላት ይሆን?» አለች።

«እንጃ። የወንድሜስ ስም ማን ነበር?»

በዚህ ሁሉ ዓመት ጠይቄያት አላውቅም ነበር።

«ኑርልኝ» አለች።

ይህን ስም ያኔ ነግራኝ ቢሆን፣ ለኮኩሞ እናት እተረጉምላት ነበር።