ዜማ፦ የሕዝብ

ሰው መንገድ ላይ ሲያገኘኝ «አንተ እኮ የመምህሩ ጊታሪስት ነህ» ይለኛል። ደስ የሚለኝ ይመስለዋል። የመምህሩ ጫማ፣ የመምህሩ ጃንጥላ፣ የመምህሩ ጊታሪስት። ያ ሰውዬ የዘፈነው ዜማ ሁሉ ከእኔ ጣት የወጣ ነው ብዬ ለማስረዳት የሞከርኩባቸው ዓመታት ነበሩ። ያን ጊዜ ፊታቸው ላይ የሚመጣውን የሐዘኔታ ፈገግታ ስለማውቀው አሁን አሁን «አዎ፣ ነኝ» ብዬ አልፋለሁ። ጂንካ ትንሽ ከተማ ናት፤ ከሁሉም ጋር ተጣልቶ ገበያ መውጣት አይቻልም።

ጊታር የተማርኩት ጸሎት ቤት ነው። ደርግ በወደቀ ሰሞን ሰው እንደ ልቡ መዘመር ሲጀምር የእኛ መዘምራን አንድ ቦክስ ጊታር ነበራቸው። ክሩ ሲበጠስ የብስክሌት ፍሬን ሽቦ ፈትለን እንተካ ነበር። ያ ሽቦ የሚያወጣው ድምፅ ጥርስ ያፋጫል። ሌሎቹ ፊታቸውን ያጨማድዳሉ፤ እኔን ግን የሚጥመኝ እሱ ነበር። በኋላ አንድ ፈረንጅ ሆቴል ጥሎት የሄደ ካሴት እጄ ገባና ይህንኑ አስቀያሚ ድምፅ ሆን ብለው የሚያወጡ ሰዎች በዓለም ላይ እንዳሉ ሰማሁ። ሮክ ይባላል አሉኝ። በሚቀጥለው እሁድ ጊታሩን በማይክ ከጸሎት ቤቱ ሞንታርቦ ጋር አገናኝቼ ድምፁ እስኪሰነጠቅ ለቀቅኩት። ሽማግሌዎቹ ጠሩኝ። አንደኛው በእርጋታ «ልጄ፣ ጌታ መስማት አልተሳነውም» አለኝ፤ ከአገልግሎትም ታገድኩ። ስለ ጨዋታዬ ከዚያ የተሻለ ሂስ ከማንም አልሰማሁም። ያኔ ግን አላዋቂዎች ናቸው ብዬ ናቅኳቸው፤ መናቅ ከጊታር በፊት የተካንኩት ሙያ ነው።

መምህሩ የመጣው ከዚህ በኋላ ነው። ከመሃል አገር ተመድቦ ሁለተኛ ደረጃ አማርኛ ሊያስተምር መጣና በገባ በሳምንቱ አዲስ አበባ ውስጥ በትልቅ ባንድ ይዘፍን እንደነበር ከተማው ሁሉ አወቀ። የነገረን ራሱ ነው። ጅብ ከማያውቁት አገር ሄዶ ቁርበት አንጥፉልኝ አለ፤ እኛም አነጠፍንለት። ድምፁ መልካም ነው፤ ይህን ባልናገር ውሸታም እሆናለሁ። እግዜር ድምፅ ሲያድል ከጭንቅላት ጋር አያይዞ አይደለም።

አብረን መሥራት ጀመርን። እሱ ግጥም ይዞ ይመጣል፣ እኔ ዜማ እፈልግለታለሁ። ግጥሙ መቼም ግጥም ነው፤ ዐይን አለ፣ ጨረቃ አለች፣ የምትሄድ ልጅ አለች። አንዱ ዘፈናችን የኦሞን ማዕበል ከልጅቷ ኩርፊያ ጋር ያነጻጽር ነበር። ሰውዬው ኦሞን አይቶት አያውቅም። ዘፈኑ ከወጣ ከዓመታት በኋላ ለሆነ ስብሰባ ኦሞ ዳር ያለችው ዱስ መንደር ድረስ ወረድን፤ ወንዙ በማሽላው ማሳ አጠገብ ቡናማ ሆኖ ቀስ ብሎ ይሄዳል። ዳር ቆሞ ብዙ ካየ በኋላ «ይሄ ነው?» አለኝ።

የእኔን አሠራር ግን ልናገር፤ ጉዳዩ ሁሉ እሱ ላይ ነው። እኔ የአሪ ልጅ ነኝ። ገዘር አካባቢ ድሮ ለሰርግ የሚነፉትን የሸምበቆ ዋሽንቶች እየሰማሁ አድጌያለሁ። ዋሽንቶቹ ብዙ ናቸው፣ እያንዳንዱ ግን አንድ ድምፅ ብቻ ነው ያለው። አንዱ ይነፋና ዝም ይላል፣ ሌላው እሱ በተወው ቦታ ይገባል፣ ሦስተኛው እንደዚያው። ዜማውን ብቻውን የሚነፋ ሰው የለም። ታዲያ እኔ በጊታር ዜማ ስሠራ፣ ሳላስበው፣ ቀዳዳ እተዋለሁ። ሁለት ሦስት ድምፅ እጫወትና ባዶ ቦታ፤ እንደገና ሁለት ሦስት ድምፅ። የመምህሩ ቃል ባዶው ላይ መውደቅ ነበረበት። እሱ ግን ባዶ ቦታ ሲያይ የተረሳ ነገር ይመስለውና «እህህ... አሃሃ...» እያለ ይሞላዋል። «ተወው መምህር፣ ባዶ ይሁን» ስለው «ባዶማ እንዴት ይሆናል? ሕዝብ ምን ይለናል?» ይለኛል። ሮኩ ይቅርብኝ ብል እንኳ የራሴን ዝምታ መጫወት አልቻልኩም።

ያን የኦሞ ዘፈን ዜማ ያገኘሁት ቤቴ ነው። ሚስቴ ደጅ ላይ ጎመን ትቀነጥሳለች፣ እኔ ደፍ ላይ ተቀምጬ አንዱን ሐረግ እመላልሰዋለሁ። ለብዙ ሳምንት መላለስኩት። እሷ የመዘምራን መሪ ናት፤ የዓለም ዘፈን አትወድም፤ «ሌላ የለህም እንዴ?» ከማለት በቀር ያለችው ነገር የለም። በመጨረሻ ሐረጉ ቦታውን ያዘ። ቃሉ ሁሉ አልቆ ዘፋኙ ትንፋሽ ሲወስድ ጊታሩ ብቻውን የሚገባበት ነው። በሕይወቴ አንድ ነገር በትክክል ሠርቻለሁ ብል እሱን ነው።

መምህሩ ክረምት ለትምህርት አዲስ አበባ ሄደ። ያን ክረምት እኔ በአውቶቡስ ቆላ ወርጄ ሰርግ ልጫወት ስሄድ ወይጦ ለምሳ ቆምን። ከሻይ ቤቱ ቴፕ የሚወጣውን ድምፅ አወቅሁት፤ የእሱ ነው። ዘፈኑ የኦሞው፣ ዜማው የእኔ ነው። ቀዳዳዎቹ በሙሉ በኪቦርድና በሳክስፎን ተደፍነዋል፤ በኋላ እንደሰማሁት አንድም ቦታ ትንፋሽ እንዳይገባ የጠየቀ ራሱ ነው። ባለሻይ ቤቱን የካሴቱን ሽፋን ለመንኩት። ግጥም ከሚለው ጎን የመምህሩ ሙሉ ስም አለ። ከሱ ዝቅ ብሎ እንዲህ ይላል፤ ዜማ፦ የሕዝብ።

ሲመለስ ቤቱ ሄድኩ። አልደነገጠም፤ አቀፈኝ።

«መምህር፣ ይሄ ዜማ የማን ነው?» አልኩት።

«የሕዝብ ነው ያልነው እኮ ወንድሜ! መች የእኔ ነው አልኩ?»

«የእኔ ነው።»

«አቀናባሪው ከየት አመጣኸው ሲለኝ ከጂንካ አልኩት። ‹በቃ፣ የሕዝብ ነው› አለና ጻፈው። ምን ልበል? ደግሞስ ለሕዝባችሁ ክብር አይደለም?»

ቢሰርቀኝ ይሻል ነበር። ሌባ ዕቃው ዋጋ እንዳለው፣ ባለቤትም እንዳለው ያውቃል። ይሄ ሰውዬ ግን ጂንካ የምትባል ከተማ ውስጥ አንድ ሰው ብቻውን ቁጭ ብሎ ዜማ ሊፈጥር ይችላል የሚል ሐሳብ ለቅጽበት እንኳ በአእምሮው አላለፈም። ለእነሱ እኛ ዜማ አንሠራም፤ እንደ ሣር ይበቅልብናል።

የሚያርም ቢገኝ ብዬ የበዓል ፕሮግራም የሚያዘጋጁ ኮሚቴዎች ዘንድ ሄድኩ። ሊቀመንበሩ በጥሞና ሰማኝና «ይሄ ሴንሲቲቭ ኬዝ ነው» አለኝ። የብሔረሰቡን ሀብት አንድ ግለሰብ የእኔ ነው ሲል እንዴት እንደሚታይ እንዳስብበት መከረኝ። የገዛ ዜማዬን ከገዛ ሕዝቤ ልሰርቅ ስል ተይዤ ወጣሁ ማለት ነው። ላም ባልዋለበት ኩበት የሚለቅም እኔ ሆንኩ።

ለምን አልተለያያችሁም ይሉኛል። ሌላ አፍ አልነበረኝም፤ መልሱ ይሄው ነው። እኔ ስዘፍን ውሻ ይነሳል። ስለዚህ ቀጠልን፣ ለዓመታት። ኮሚቴዎቹ በየበዓሉ ይጠሩናል። አንድ ሰሞን ጊታር ባህላዊ አይደለም ተብሎ ከዳንሰኞቹ ጀርባ የፍየል ቆዳ አልብሰው አቆሙኝ፤ ጊታሩንም ቆዳ አለበሱት። ድምፁ ይሰማ፣ እሱ ግን አይታይ አሉ። ዞር ስል መምህሩ የሰጎን ላባ ጭንቅላቱ ላይ ሰክቶ «እኛ የኦሞ ልጆች» እያለ ነው። ከደሴ የመጣ ሰው ነው።

ከዚያ መምህሩ ጡረታ ወጣ። ወደ አገሩ ሊመለስ ሲሰናዳ ትልቅ ሽኝት ተዘጋጀለት፤ በድሮው አውሮፕላን ሜዳ፣ ካባ ሊያለብሱት። ከሽኝቱ በፊት ቤቱ ሄድኩና ከእንግዲህ የማልለምነውን ልመና ለመንኩት።

«መምህር፣ ገንዘብ አልፈልግም። ሕዝቡ ፊት አንዴ፣ ዜማው የእሱ ነው በል። ትሄዳለህ፣ አንተ ምንም አይጎድልብህም። እኔ እዚሁ ነኝ፤ ልጆቼም እዚሁ ናቸው።»

ዐይኑ እንባ አቀረረ፤ ዐይኑ ለእንባ ሁልጊዜም ቅርብ ነው። «እናገራለሁ ወንድሜ። በእግዜር ስም እናገራለሁ» አለኝ።

ሜዳው ሞልቶ ነበር። ከገዘር በሚኒባስ የመጡ አሉ፣ ከቆላም የመጡ አሉ፣ የዩኒቨርሲቲ ሰዎች ወንበር ላይ፣ ልጆች አጥር ላይ። ሚስቴም መጥታለች፤ የዓለም ዘፈን ልትሰማ ሳይሆን መምህሩ ልጆቻችንን ስላስተማረ ልትሰናበተው። ካባውን አለበሱት። ማይኩን ያዘ። ወደ እኔ ዞረና ፈገግ አለ፤ ይሄ ሁሉ ዓመት የጠበቅኩት ቃል ሊመጣ ነው። እጁን ወደ ሜዳው ዘረጋና «ይህንን ዜማ የሰጠኝ ይሄ ድንቅ ሕዝብ ነው!» አለ።

ሜዳው በጭብጨባ ተናወጠ። እኔን የረሳኝ አይመስለኝም። ስለ አንድ ሰው ከመናገር ስለ ሕዝብ መናገር ጭብጨባው ይበዛል፤ አፉ ወደሚበዛበት ሄደ፣ እንደ ልማዱ።

የኦሞው ዘፈን ተጀመረ። እጄ በራሱ ይጫወታል። ዝም አይነቅዝም አልኩ ለራሴ። ቃሉ ያልቃል፣ እሱ ትንፋሽ ይወስዳል፣ የእኔ ሐረግ ቦታ ይመጣል፤ ያኔ እጄን አነሳለሁ። ባዶው ይሰማቸው። ያለ እኔ ይሄ ዘፈን አፍና ካባ ብቻ እንደሆነ ይህ ሁሉ ሰው ይስማ። ቦታው ደረሰ። እጄን ከጊታሩ ላይ አንስቼ ደረቴ ላይ አጣጠፍኩ።

የሐረጉ ቦታ ባዶ ቀረ። መምህሩ ዐይኑ ፈጦ ዞረ። በዚያች ቅጽበት የተሰማኝን ደስታ አልደብቅም።

ከዚያ ከፊት አካባቢ የአንድ ሴት ድምፅ ሐረጉን ያዘ። ከጎኗ ሁለት ሦስት ሰው ተከተለ። ከዚያ የገዘር ሰዎች፣ ከዚያ ወንበር የያዙት፣ ከዚያ አጥር ላይ ያሉት። ሜዳው በሙሉ የእኔን ሐረግ ቀዳዳውን ሳይቀር ጠብቆ «ላ ላ» እያለ ዘፈነው። በዋሽንቱ ወግ አንድ ነፊ ቢጎድል ቦታው ባዶ አይቀርም፤ አጠገቡ የቆመ በአፉ ይሸፍንለታል። ይህን ከማንም በላይ የማውቅ ሰው ነበርኩ፣ ንዴቴ ግን አስረሳኝ። እዚያው ዐይኔ እያየ ዜማው የሕዝብ ሆነ።

መምህሩ አለቀሰ፤ እጁን እያወዛወዘ ሦስቴ አስደገማቸው። ሲያልቅ አንቆ ሳመኝና ጆሮዬ ላይ «ጊታሩን ማቆምህ! ምን ዓይነት ጥበብ ነው ወንድሜ!» አለኝ። ቪዲዮው በየስልኩ ዞሯል። አሁን የጂንካ ወጣት ባንዶች ያን ዘፈን ሲጫወቱ እዚያ ቦታ ሲደርሱ ጊታር ያቆማሉ፤ እንደዚያ ነው የሚዘፈነው ይላሉ። አንድ ሰው ሐረጌን በጊታር ሲጫወት ሰምቼ አላውቅም።

ቤት ስገባ ማንንም ማየት አልፈለግኩም። ሚስቴ ውሃ አሙቃ፣ ጨው ጨምራበት፣ በሳፋ ይዛ መጣች።

«አምጣ እጅህን» አለች።

«ለምን?»

«አሞህ አይደል ያቆምከው? እኔማ ደነገጥኩ። ያ ሁሉ ሰው ፊት ዜማህ ሊሰበርብህ ነው አልኩና ጮኽኩ። ጌታ ይቅር ይበለኝ፣ ዓለማዊ ነው ብዬ እንኳ አላሰብኩም።»

«አንቺ ነሽ የጀመርሽው?»

«ታዲያ ማን ይጀምርልህ? ከእኔ በቀር ማን ያውቃል የት ላይ እንደሚገባ?»

ቀና ብዬ አየኋት። እየቀለደች አይደለም፤ ጣቶቼን አንድ በአንድ እያየች የትኛው እንዳበጠ ትፈልጋለች። እጄን ውሃው ውስጥ ነከርኩላት። ምንም አላመመኝም ነበር።