የእትዬ ሳራ ጉርሻ

ባለፈው ሳምንት ቦዲቲ መናኸሪያው አጠገብ ምሳ ልበላ ገብቼ አስተናጋጇ ዳጣውን ፊቴ ስታስቀምጥ፣ የቃሪያውና የዝንጅብሉ ሽታ አፍንጫዬን ሰነጠቀው። ሌላው ሰው ዳጣ ሲሸተው ምራቁ ይመጣል። እኔ እትዬ ሳራ ይመጡብኛል።

እትዬ ሳራ ሶዶ ጎረቤታችን ነበሩ። ባላቸው የዞኑ ትልቅ ባለሥልጣን ሲሆኑ እሳቸው ሹመትም ቢሮም አልነበራቸውም። የነበራቸው ቀይ ምንጣፍ የተነጠፈበት፣ ሶፋዎቹ ዳንቴል የለበሱ ሰፊ ሳሎን ነው። ቅዳሜ ቅዳሜ የባለሥልጣን ሚስቶች እዚያ ተሰብስበው ይጸልያሉ፣ ይበላሉ፣ ያወራሉ። ማን እንደሚሾም፣ ማን ወደ ትንሿ ተበላ ከተማ እንደሚዛወር እዚያ ያልቅና ሰኞ ቢሮው ያጸድቀዋል ይባል ነበር።

ልጅ ሳለሁ አባቴና አንድ የሥራ ባልደረባው ስብሰባ ላይ በተናገሩት ነገር ታሰሩ። በዚያው ሳምንት ቅዳሜ እናቴ እኔን ይዛ ወደ ሳሎኑ ሄደች። የባልደረባው ሚስት አስናቀችም መጥታ ነበር። እዚያ ቤት አፍ አውጥቶ አይለመንም። እትዬ ሳራ ቁርጡን በቆጮ ጠቅልለው፣ ዳጣ አስነክተው በሴቶቹ ፊት ካጎረሱ፣ የጎረሰውን የነካ እሳቸውን ነካ ማለት ነው። ያልጎረሰ በልቶ ይወጣል፣ በቃ።

በር ላይ እናቴ «ቢያቃጥልሽም እንዳትተፊ። አባትሽን አስቢ» ብላኝ ነበር።

ጸሎቱ አልቆ እትዬ ሳራ ጉርሻውን ሲያነሱ ወሬው ሁሉ ቆመ። እጃቸው በእኛና በአስናቀች መካከል ትንሽ ቆየ።

«ነይ ሚጡዬ፣ አፍሽን ክፈቺ።»

አፌ ነደደ፤ እንባዬ ወረደ። ሁሉም ያዩኛል። እንደምንም ዋጥኩት።

«ጎበዝ! የማን ልጅ ናት?» አለች አንዷ፣ የማን ልጅ እንደሆንኩ እያወቀች። አስናቀች አቀርቅራ ቆጮዋን ትቆርስ ነበር።

ሰኞ አባቴ ተፈታ። የአስናቀች ባል ግን ከዓመት በላይ ቆየ። ስብሰባው ላይ ሁለቱ የተናገሩት አንድ ነገር ነው። እትዬ ሳራ ለምን እኔን እንደመረጡ እስከ ዛሬ አላውቅም። ምናልባት ወደሳቸው ቀረብ ብዬ ስለተቀመጥኩ ብቻ ይሆናል። ከሁሉም የሚያስፈራኝ ይሄ ነው።

ባላቸው ከሥልጣን ሲወርዱ ከተማውን ለቀው ሄዱ፤ ሳሎኑም ዛሬ ፎቶ ኮፒ ቤት ሆኗል። ለእኔ የተዉልኝ ግን አለ። ሰው ሊያጎርሰኝ እጁን ሲዘረጋ፣ አፌን ከመክፈቴ በፊት ማን እንዳልጎረሰ ዞር ብዬ አያለሁ።