ለማንም ያልተነፋ ጥሩንባ

በዕድራችን መዝገብ ስማቸው በተራ ቁጥር ሠላሳ ሰባት ላይ ይገኛል፦ እቴናት ዘመነ። የትውልድ ቦታ፣ ዲማ አካባቢ። ሥራ፣ ወፍጮ ቤት። የቤተሰብ ብዛት፣ አንድ። ከእኔ በፊት የነበረው ጸሐፊ የመዘገበው ይህን ብቻ ነው፤ የተወለዱበትን ዓመት በእርሳስ ጽፎ መልሶ አጥፍቶታል። መዝገቡን ከተረከብኩ ዘጠኝ ዓመቴ ነው። ዩኒቨርሲቲ የተማርኩት የመዛግብት አያያዝ በመሆኑ ባዶ የቀረ ቦታ ሳይ ደስ አይለኝም። የእሳቸውን ባዶ ቦታ ለመሙላት የመዝገቡ ዓምዶች አልበቃ ስላሉኝ ነው ለብቻው የምጽፈው።

ሰፈራችን ከደብረ ማርቆስ መናኸሪያ በስተጀርባ ቁልቁል ይወርዳል። ሰዉ «ትከሻ ሰፈር» ይለዋል፤ በመተላለፊያው ሁለት ሰው ሲገናኝ አንዱ ትከሻውን ካላዞረ አያልፉም። ቤቶቹ የጭቃ ግድግዳ ይጋራሉ። አንዱ ቤት በርበሬ ሲቆላ ሦስተኛው ቤት ያስነጥሳል፣ አራተኛው ቤት «ይማርሽ» ይላል። አንድ ቦኖ ውሃ፣ ሁለት ሽንት ቤት፣ አንድ ዕድር አለን። የዕድሩ አባላት ዘጠና ስድስት ናቸው።

እትዬ እቴናት ማርቆስ የገቡት በአሥራ ሰባት ዓመታቸው ነው፤ የተዳሩለትን ባል ጥለው። ለምን እንደ ጣሉት የጠየቃቸው ሁሉ ያው መልስ ነው የሚያገኘው። ባላቸው ክፉ ሰው አልነበረም፤ ግን ሲበላ በአፍንጫው ያፏጭ ነበር፤ ዕድሜ ልክ እሱን ማድመጥ አልፈለጉም። በመጡ በሁለተኛው ቀን መናኸሪያው አጠገብ በነበረው የናፍጣ ወፍጮ ቤት ተቀጠሩና ለሃያ ስድስት ዓመት እህል ወደ ወፍጮው አፍ ሲያፈሱ ኖሩ። ወፍጮ ቤት ውስጥ ሰው በአፉ አያወራም። አንድ ጣት ጤፍ ነው፣ ሁለት ጣት ስንዴ፣ መዳፍ ሲገለበጥ «ይድገም» ማለት ነው። የሰፈሩ ሰው በሙሉ ከእሳቸው ጋር ሲነጋገር እጁን ማወናጨፍ ልማዱ ሆኖ ቀረ። ወፍጮው ተዘግቶ እሳቸው መናኸሪያው በር ላይ ቆሎ መሸጥ ከጀመሩ በኋላ እንኳ ልማዱ አልለቀቀንም። እሳቸውም ድምፃቸውን ዝቅ ማድረግ አልቻሉም። ተሳፋሪ ቆሎ ሲገዛ እየተቆጡት ይመስለዋል።

ባለፈው ዓመት መንገድ ሲሰፋ ስምንት ቤቶች ፈረሱ፤ አንዱ የእሳቸው ነበር። ከሰፈራችን ግርጌ ካለው ጅረት ማዶ፣ ባሕር ዛፍ ካለበት ተረተር ላይ አንድ ክፍል ተከራዩ። ቁልቁል ወርዶ፣ ጅረቱን ተሻግሮ፣ ዳገቱን ለመውጣት አሥራ ሁለት ደቂቃ ይፈጃል። ሁለት ጊዜ በሰዓት ይዤዋለሁ፤ በዝናብ ቀን አሥራ ሰባት ነው።

ነገሩ የመጣው ከዚህ በኋላ ነው። በግንቦት የመጀመሪያው እሑድ ስብሰባ የዕድሩ ሰብሳቢ አቶ መሳፍንት የመተዳደሪያ ደንባችንን ሦስተኛ አንቀጽ አነበቡ፦ «አባል ማለት የዕድሩ ጥሩንባ ከሚሰማበት ቦታ የሚኖር ሰው ነው።» አቶ መሳፍንት ጡረታ የወጡ የሒሳብ መምህር ናቸው። ሰው ሲያነጋግሩ እንኳ ወደማይታይ ሰሌዳ ዞረው ነው። ክፉ ሰው አይደሉም፤ ግን ለአንድ ሰው የተፈቀደ ለሁሉም ይፈቀዳል የሚል ስጋት አለባቸው። ካቻምና ደጀን የገባ አባል «ከሞትኩ መጥታችሁ ውሰዱኝ» ብሎ ደብዳቤ ልኮልን ነበር። ያን ደብዳቤ እስከዛሬ ኪሳቸው ውስጥ ይዘው ይዞራሉ። ስለዚህ ማዶ የሄዱት እትዬ እቴናት ከመዝገቡ ይሰረዙ ዘንድ ሐሳብ አቀረቡ።

እትዬ እቴናት እንደ ወትሮው ከፊት ተቀምጠው የተናጋሪውን ፊት ትክ ብለው ያዩ ነበር። የማዶው ዕድር ከስልሳ ዓመት በላይ የሆነን አዲስ አባል እንደማይቀበል አስረዱ። እሳቸው ስልሳ ስምንት ዓመታቸው ነው። ልጅ የላቸውም፤ እዚህ አገር ወንድምም እኅትም የላቸውም። ከዚያ ለስብሰባው አንድ ነገር ጠየቁ።

«ታዲያ እኔ ስሞት ማን ያነሣኛል?»

እሳቸው ቆሏቸውን አንሥተው ወደ መናኸሪያው ሄዱ።

መጀመሪያ የተናገረው ጥሩንባ ነፊው የሺዋስ ነው። የሺዋስ በሥራው ጫማ ሰፊ ነው፤ በክብሩ ግን ጥሩንባ ነፊ። ለእትዬ እቴናት ከማዘኑ በፊት ለራሱ ተቆጥቶ ነበር።

«የኔ ጥሩንባ ያችን ጠብታ ውሃ አይሻገርም ያለው ማን ነው? እኔ ስነፋ ሉማሜ ላይ በሬ ይደነብራል።»

«ሉማሜ ያለ በሬ አባላችን አይደለም» አሉ አቶ መሳፍንት።

በዚህ ተነሥቶ ፈተና እንዲደረግ ተወሰነ። ቅዳሜ ጠዋት አራት ሰዓት ላይ የሺዋስ ቦኖው አጠገብ ቆሞ ይነፋል፤ ሰብሳቢውና እኔ ማዶ ሄደን ከአጥሩ ውጭ እንከታተላለን። እትዬ እቴናት ከሰሙ አባል ናቸው፤ ካልሰሙ ይሰረዛሉ። እሳቸው እንዳያውቁ፣ አባላቱም ማንም እንዳልሞተ አውቀው ቤታቸው እንዲቀመጡ ለእያንዳንዱ ቤት ተነገረ። ሰፈራችን ምሥጢር ጠብቆ አያውቅም። ያን ሳምንት ግን እንዲህ አድርጎ ጠበቀውና ከአባላቱ በቀር የሰማ አልነበረም፤ የመናኸሪያው ነጋዴዎችም፣ የማዶው ሰዎችም፣ የአጎራባች ሰፈር ዕድሮችም አያውቁም። ጥሩንባ ማለት ሞት ማለት በሆነበት አገር ይህን ማሰብ የነበረብን እኛ ነበርን።

ቅዳሜ ከአራት ሰዓት ሩብ ጉዳይ ጀምሮ አቶ መሳፍንትና እኔ ከእትዬ እቴናት አጥር በስተጀርባ ቁጢጥ ብለናል። በአጥሩ ክፍተት ይታያሉ፤ ደጃፋቸው ላይ ተቀምጠው ገብስ ይለቅማሉ። ልክ አራት ሰዓት ሲሆን ጥሩንባው ተነፋ። ሐቁን ለመናገር የሺዋስ እውነቱን ነበር። ድምፁ ጅረቱን ተሻግሮ፣ ባሕር ዛፉን አልፎ ጥርት ብሎ ደረሰ፤ አንዲት ዶሮ ከአጥሩ ላይ ዘላ ወረደች።

እትዬ እቴናት ቀና አላሉም።

ሁለተኛ ተነፋ። አንድ ጠጠር አንሥተው ወረወሩ። ሦስተኛ ተነፋ። ምንም የለም። አቶ መሳፍንት ደስ እንዳላቸው አልናገርም፤ ፊታቸው ላይ ያየሁት እንደዚያ አልነበረም። በሹክሹክታ «ጻፈው» አሉኝ። መዝገቡን ጉልበቴ ላይ ዘርግቼ ብዕሬን ከፈትኩ። «በተራ ቁጥር ሠላሳ ሰባት» ብዬ ጀመርኩ።

ያኔ ነው ሁለት የማዶ ሴቶች ነጠላቸውን አዘቅዝቀው በደጃፉ በኩል ሲሮጡ ያለፉት። እትዬ እቴናት አዩአቸው። ገብሱን ከድነው፣ እጃቸውን ታጥበው፣ ነጠላቸውን ከችካሉ አውርደው አዘቅዝቀው ለበሱና ወጡ። በሩን ሲከፍቱ ዐይን ለዐይን ተገጣጠምን።

«ሰው ሞቶ እናንተ እዚህ ተቀምጣችሁ ምን ትሠራላችሁ?» አሉ። «አንተ መሳፍንት፣ ሰብሳቢ አይደለህም እንዴ? ተነሥ!»

መልስ ሳይጠብቁ ቁልቁለቱን ወረዱ። እኛም ተነሥተን ተከተልን። አቶ መሳፍንት ከኋላቸው «እትዬ እቴናት! ማንም አልሞተም!» ብለው ተጣሩ። አልዞሩም። ቀረብ ብለው፣ ሦስት እርምጃ ሲቀራቸው ደገሙት። አሁንም አልዞሩም። አቶ መሳፍንት በክፍል ውስጥ አርባ ዓመት የጮኸ ጉሮሮ አላቸው፤ በዚያ ጉሮሮ ሦስተኛ ጊዜ ተጣሩ። አንዲት ፍየል ዞራ አየችን፤ እትዬ እቴናት መንገዳቸውን ቀጠሉ። አቶ መሳፍንት ቆሙ። ተያየን። ጥሩንባው ጅረቱን ቢሻገርም ባይሻገርም ለእሳቸው ለውጥ እንደሌለው ሁለታችንም የገባን እዚያች ቦታ ላይ ነው።

ቦኖው አጠገብ ስንደርስ ወደ ሁለት መቶ ሰው ተሰብስቧል። የመናኸሪያ ነጋዴዎች ሱቃቸውን ዘግተው፣ የሁለት ዕድር ሰዎች አግዳሚ ወንበር ተሸክመው መጥተዋል። የሺዋስ ጥሩንባውን ከጀርባው ደብቆ ከግድግዳ ጋር ተጣብቋል። ማን እንደ ሞተ ቢጠይቁት ማንም አልሞተም ይላል፤ እነሱ ደግሞ የሚያረዳ ሰው እንዲህ እያለ ነገሩን ሲያለዝብ ስለለመዱ ይብስ ያለቅሳሉ። በመጨረሻ አንዱ ነጋዴ ሰብሳቢውና ጸሐፊው በጠዋት ወደ እትዬ እቴናት ቤት ሲወጡ ማየቱን ተናገረ። ነገሩ አለቀ። ምሥኪን እቴናት ተባለ። ከአባላቱ መካከል ፈተናውን ረስተው ብቻቸውን የወጡት የሰማንያ ዓመቷ እማሆይ ወለተ ሐዋርያት ሙሾውን ያዙ። ቆሎዋ እንዴት ያማረ እንደነበር፣ ስፍሯ እንዴት ሙሉ እንደነበር፣ ድምጿ እንዴት የለሰለሰ እንደነበር አወረዱ። የመጨረሻውን ሲሰማ የሚያውቃቸው ሁሉ መቼም አልቃሽ አይከለከልም ብሎ አለፈው።

ሟቿ ራሳቸው ሕዝቡን ሰንጥቀው ገቡና እማሆይ ጎን ቆመው አብረው ማልቀስ ጀመሩ። ጥቂት አልቅሰው ወደ እማሆይ ጎንበስ አሉና፣ «ማን ነው እባክሽ?» ብለው ጠየቁ።

እማሆይ ዞረው አዩአቸው። በመስቀላቸው አማተቡ፤ ከዚያ ቦኖው ጠርዝ ላይ ቁጭ አሉ። «አንቺ ነሻ» አሉ ቀስ ብለው።

ሳቁ የጀመረው ከወንበር ተሸካሚዎቹ ነው። ወደ መናኸሪያው ሲደርስ ሹፌሮች ክላክስ ይነፉ ነበር። ሁሉም ጋብ ሲል አቶ መሳፍንት በሕዝቡ ፊት፣ ይህ ሁሉ የሆነው በእሳቸው ሐሳብ መሆኑንና ለምን እንደ ሆነ አልደበቁም። ይህን ለእሳቸው ክብር እመዘግባለሁ። እትዬ እቴናት ከንፈራቸውን እያዩ አዳመጡ።

«ጥሩንባ ከሰማሁ አሥራ አንድ ዓመቴ ነው» አሉ። «ወፍጮው ነው የበላው።»

አቶ መሳፍንት ታዲያ እስከዛሬ ለእያንዳንዱ ቀብር እንዴት ቀድመው እንደሚደርሱ ጠየቁ። እውነት ነው፤ በመዝገቤ የእሳቸው ስም ሁልጊዜ ከመጀመሪያዎቹ አምስት አያልፍም።

«ጎረቤት ሲሮጥ አያለሁ። ጎረቤት ካለኝ ጥሩንባ ምን ያደርግልኛል?» ከዚያ ወደ እኔ ዞሩ፤ በእሳቸው ልክ ዝቅ ያለ በሚባል ድምፅ። «በየኔአለም ጊዜ ግን የሮጠ ሰው አላየሁም። ከማዶ ሳይ አንድ ሰዓት ሆኖ መስኮታችሁ አልተከፈተም። እሷ ደግሞ ጎሕ ሳይቀድ ነበር የምትከፍተው።»

የኔአለም ባለቤቴ ናት። በጥቅምት ያረፈች ቀን ጥሩንባው ገና ሳይነፋ እትዬ እቴናት ደጃፋችን ቆመው ነበር። ማን እንደ ነገራቸው ሰባት ወር ሙሉ ራሴን ስጠይቅ ኖሬያለሁ።

አቶ መሳፍንት ሕዝቡ እንዲበተን ሊያመሰግኑ ሲሉ እትዬ እቴናት አስቆሟቸው።

«ስም አይጠራም እንዴ?»

አቶ መሳፍንት ፈተና እንደነበረ አስታወሷቸው።

«ደንቡ ፈተና ይላል?»

ሁሉም እኔን አየኝ። መዝገቡ በብብቴ ነበር። አሥራ አራተኛውን አንቀጽ አነበብኩ፦ «የዕድሩ ጥሩንባ በተነፋ ቁጥር ስም ይጠራል፤ ያለ በቂ ምክንያት የቀረ አባል የዕድሩን ድንኳን ያጥባል።» ሰው ሲሞት አይልም፤ በተነፋ ቁጥር ነው የሚለው። አቶ መሳፍንት ግንባራቸውን አሹ። ደንብ ይከበር ብለው ያን ሁሉ ሰው ያስወጡት እሳቸው ናቸው።

«ጥራ» አሉኝ።

ዘጠና ስድስት ስም ጠራሁ። የተገኙ አምስት፦ እትዬ እቴናት፣ እማሆይ፣ የሺዋስ፣ ሰብሳቢውና እኔ። የቀሩ ዘጠና አንድ። በየቤታቸው ተቀምጠው በግድግዳው በኩል ስማቸውን ይሰሙ የነበሩ አባላት «አለሁ!» እያሉ ቢጮኹም መውጣት እንጂ መጮኽ እንደማይቆጠር ሰብሳቢው ወሰኑ።

በማግስቱ እሑድ ከቅዳሴ መልስ ዘጠና አንዱ ጅረቱ ዳር ወረዱ። ድንኳናችን ትልቅ ነው፤ ከተገዛ ጀምሮ በወጉ ታጥቦ አያውቅም። ወንዶቹ ሱሪያቸውን ሰብስበው ይረግጡታል፣ ሴቶቹ ሳሙና ይቆርጣሉ፣ የማዶ ሰዎች ሳይጠየቁ ገብተው ይጠመዝዛሉ። የሺዋስ ከቅጣቱ ነጻ ነው፤ ድንጋይ ላይ ተቀምጦ ጥሩንባው ስንት ክንድ እንደ ተሻገረ ለሚሰማውም ለማይሰማውም ያወራል። እትዬ እቴናት ቆሎ እያደሉ ያልጠራውን ቦታ ያሳያሉ፤ መዳፋቸውን ሲገለብጡ ሁሉም ያውቀዋል፣ ይድገም ማለት ነው። አቶ መሳፍንት ስም ሲጠራ አልቀሩም ነበር፤ ግን እሳቸውም ጫማቸውን አውልቀው ገቡ።

ድንኳኑ በሁለቱም ዳር ተዘርግቶ ሲደርቅ፣ አባሉ ሁሉ ስለተገኘ እዚያው ስብሰባ ሆነ። ሦስተኛው አንቀጽ ይሻሻል ተባለ፤ ተቃዋሚ አልነበረም። ቃሉን አረቀቅሁ። አቶ መሳፍንት ወረቀቱን ተቀብለው እንደ ልማዳቸው ወደማይታየው ሰሌዳ ዞረው አነበቡ። ሰዉ አጨበጨበ።

«ወዲህ ዙርና አንብብልኝ» አሉ እትዬ እቴናት።

አቶ መሳፍንት ዞሩ። ወረቀቱን ከአፋቸው ዝቅ አድርገው፣ ለአንደኛ ክፍል እንደሚያስተምሩ ቃሉን አንድ በአንድ አነበቡላቸው፦ «አባል ማለት፣ ሲፈለግ፣ የሚመጣ፣ ሰው ነው።»