ተጠምዶ የታየው ጌም

በሬ ማወቅ ከተባለ፣ ከጅጋ እስከ ቡሬ ባለው አገር ሁለት ሰው ነው ያለው። አንዱ እኔ ነኝ። ሁለተኛው ቢሆነኝ ነው። ከእኔ ትንሽ ያንሳል፣ ይሁን ግዴለም፤ ግን ገበያ መሃል ቆሞ የበሬ እግር አነሳስ ብቻ አይቶ "ይሄ ሆዱን ያመዋል" የሚል ሰው ነው። ፊደል አልቆጠረም። እኔም አልቆጠርኩም፣ በሬውም አልቆጠረም፤ ሦስታችንም ተግባብተን ኖርን።

ቢሆነኝ በዕድሜው ተሸውዶ ቀርቶ አያውቅም። ነውረኛ በሬ "ደኅና ነው" ብሎ ሸጦም አያውቅም። ይሄን ያዙልኝ፣ መዓቱ ሁሉ የመጣው ከዚህ ነው።

አንድ ዘመን ጅጋ ገበያ አንድ ዳለቻ በሬ ገዛ። ሻኛው እስከ ትከሻው የተኛ፣ ቀንዱ ያማረ፣ ሲያዩት ሙሽራ ነው የሚመስለው። ማሳ ሲገባ ግን ትልሙ መሃል ይተኛል። ቢገርፉት አይነሣ፣ ቢለምኑት አይነሣ። እኛ ዘንድ ደግሞ የበሬ ነውር በአፍ አይነገርም። ሦስት እማኝ ይቆማል፣ በሬው ይጠመዳል፣ ሲተኛ ይታያል። ታየ ማለት አለቀ፤ ሻጩ ከነዋሱ መጥቶ ብሩን መልሶ በሬውን እየጎተተ ይሄዳል። ሳይጠምድ "መልስልኝ" የሚል ሰው ይሳቅበታል። "ሳትጠምደው በምን አወቅህ?" ይባላል። ቢሆነኝ ጠመደ፣ አሳየ፣ መለሰ። ያን ወሬ እስከ ግሽ ዓባይ ሰምተውታል፤ የሰሙት እኔ ስለነገርኳቸው ነው።

ልጁ ይታገሱ ግን በሬ አልወደደም። ቡሬ ሄደና፣ የነቀምቱ መንገድ ከሚገነጠልበት አለፍ ብሎ፣ እህል የጫኑ መኪኖች ሌሊቱን ተሰልፈው የሚያድሩበት ጋ፣ አንዲት ቆርቆሮ ቤት ተከራየ። አንድ ቴሌቪዥን፣ አንድ የጌም ማሽን፣ ሁለት አግዳሚ። ከዩኒቨርሲቲው ካምፓስ ጎረምሶች እየመጡ በጣታቸው ኳስ ይጫወታሉ። ቢሆነኝ "ልጅህ ምን ይሠራል?" ሲሉት "ንግድ" ነበር የሚለው። ሰው ተቀምጦ በጣቱ ኳስ ይጫወታል ብሎ ለማን ይናገራል?

ከዚያ ያ ክፉ ሰሞን መጣ። ይታገሱ ለመስቀል ወደ ቤቱ ሲመጣ መንገዱ ተዘጋ፣ ከመኪና ወረዱ፣ ተኩስ መሃል ገባ። የማን ጥይት እንደነበረ የነገረን የለም፤ ደፍሮ የጠየቀም የለም። እናቱ ሀብትነሽ ያን መንገድ ዳግመኛ አልረግጥም ብላ ጥቁሯን ለብሳ ተቀመጠች።

ከአርባው በኋላ ቢሆነኝ ማሽኑን ሊሸጥ ቡሬ ወረደ። ከጎኑ ፎቶ ኮፒ ቤት ያላት ሰርካለም የምትባል ልጅ፣ መሥራቱን ልታሳየው ከፈተችለት። ስክሪኑ በራ፣ አንድ ጽሑፍ ብቅ አለ።

"ይሄ ስሙ ነው፣ አያ ቢሆነኝ" አለችው። "ሲከፈት መጀመሪያ የሚመጣው እሱ ነው።"

በፈረንጅ ፊደል ነው የተጻፈው። የመጀመሪያው ፊደል ልክ እንደ ባላ ነው፣ ከላይ የተሰነጠቀ፣ የጎጆ ምሰሶ የሚመስል። ቢሆነኝ ያን ባላ አየው። ከዚያ ሰርካለም ጨዋታውን ከፈተችለት። ይታገሱ ቡድኑን "ጅጋ" ብሎት፣ ተጫዋቾቹን ሁሉ በአገሩ ሰው ስም ሰይሟቸዋል። በረኛው ቢሆነኝ ነው። "አባቴ አያሳልፍም" ይል ነበር አሉ።

አልሸጠውም። መሬቱን ለእኩል አራሽ ሰጠና እዚያው ቡሬ የልጁ አግዳሚ ላይ ተቀመጠ። ሳጥን የሚመስለውን ማሽን ማታ ማታ ልጁ ይለብሰው በነበረ ጋቢ ይሸፍነዋል። ጎረምሶቹም ለመዱት። "አያ ቢሆነኝ፣ ዛሬስ በእግርዎ መሃል ነው ያገባሁብዎ" ይሉታል። "እኔ የለመድኩት በሬ ነው፤ እንዲህ ያለች ቁራጭ ነገር አትታየኝም" ይላቸዋል። ይሳቃል። ልጁ የሞተበት ሰው ቤት እንዲያ ሲሳቅ ያስደነግጣል፣ ግን ይሳቃል።

ሀብትነሽ ግን ተቆጣች። ስም በቤተ ክርስቲያን ይጠራል እንጂ በሳጥን አይቀመጥም አለች። አንድ ዓመት እንዲያ ስትል ኖረች። በሙት ዓመቱ ተዝካር፣ ሰው ሁሉ ከሄደ በኋላ፣ ምጣዱንና ገንቦውን እያስመለሰች ሳለ፣ ወደ ባሏ ሳትዞር "መኸሩ ይግባና መጥቼ አየዋለሁ" አለችው። ለእሷ ይህ ማለት ያን መንገድ ማለፍ ነው። ከዚያን ቀን ጀምሮ የቢሆነኝ ጭንቀት አንድ ብቻ ሆነ፤ ሀብትነሽ መጥታ ያን ባላ እስክታየው ድረስ ምንም እንዳይሆንበት።

ያን ሰሞን ወዲያ ማዶ ሌላ ጌም ቤት ተከፈተ፣ የዘንድሮውን አዲስ የኳስ ጌም ይዞ። ጎረምሶቹ ወደዚያ ማየት ጀመሩ። ክንፈሚካኤል የሚባለው፣ ከሁሉም በልጦ የሚጫወተው፣ ያሮጌው ተጫዋቾች እኮ ጡረታ ወጥተዋል እያለ ያሾፋል። ቢሆነኝ ዱባይ ለምትሠራው ለእህቱ ልጅ ለሀኒ አስደወለ። እንዲህ ያለው ጌም ገበያ ወርዶ አይገዛም፤ በውጭ አገር የባንክ ካርድ ተከፍሎ በአየር ይመጣል። ሀኒ እሺ ብላ በይታገሱ አካውንት ገዛችለት። ግን ሥዕሉን አይታ ነው የገዛችው። ሥዕሉ ላይ ሜዳ አለ፣ ኳስ አለ። ሰርካለም ስታነበው ጊዜ ሳቋ መጣ፤ ኳስ የሚመታበት አይደለም፣ አሠልጣኝ ሆነው ተቀምጠው የሚያዝዙበት ነው። ተቀምጦ ማዘዝ ለእኔ የተሠራ ነበር፤ ለጎረምሳ ግን ምን ያደርግለታል?

ሀኒ ወዲያው ደወለች። "አጎቴ፣ ማንም እንዳይነካው። አይጫን፣ አይከፈት። ሁለት ሳምንት ሳያልፍ ጠይቄ አስመልሰዋለሁ" አለች።

ቢሆነኝ እሺ አለ። ሌሊቱን ግን አልተኛም። እንዴት ነው የሚመለሰው? ሻጩ "ምን ነውር አገኛችሁበት?" ቢል ልጅቱ ምን ትላለች? ሳትጠምድ "መልስ" ልትል ነው? ይስቁባታል፣ ውሸታም ይሏታል፣ ያውም በሰው አገር። የእሱ ዘር በገበያ ተስቆበት አያውቅም። እኔን ቢጠይቀኝ ተው እለው ነበር ብዬ ነበር፤ ኋላ ሳስበው እኔም እጠምደው ነበር።

ሰርካለም ለጉዳይ ፍኖተ ሰላም በሄደችበት ቀን ክንፈሚካኤልን "በል አውርደው" አለው። በሰርካለም ዋይፋይ ከጧት እስከ ቀትር ሲወርድ ዋለ። እማኝ ጠራ፤ የሰፈሩን ቄስ አባ ወልደ ዮሐንስን፣ አንድ እህል ነጋዴ፣ አንድ የባጃጅ ሹፌር። አግዳሚው ላይ ደረደራቸውና ጌሙ ተከፈተ። ስክሪኑ ላይ ጽሑፍ ሞላ። ሰንጠረዥ ሞላ። አንድ ከረባት ያሰረ ሰውዬ ወንበር ላይ ተቀምጧል።

"ይሄ ሰውዬ ለምን አይነሣም?" አሉ አባ ወልደ ዮሐንስ።

"አሠልጣኝ ነው አባ። ያዝዛል እንጂ አይጫወትም" አላቸው ክንፈሚካኤል።

"ታዲያ ይቆጣ እንጂ።"

"የሚቆጣው በጽሑፍ ነው።"

አባ ወልደ ዮሐንስ መስቀላቸውን ከአንዱ እጅ ወደ ሌላው እያዘዋወሩ ረጅም ጊዜ ጠበቁ። ሰውዬው አልተነሣም። እሳቸውም ተነሥተው ፈረዱ፤ ይህ በሬ ተኝቷል፣ አይተናል፣ ይመለስ። ነጋዴውም "አይተናል" አለ። ባለ ባጃጁ እንኳ ያየውን ባያውቀውም አየሁ አለ። ቢሆነኝ ያን ቀን ደስ ብሎት አደረ።

ሀኒ ብሩ እንዲመለስላት ሻጩን ጠየቀች። መልሱ በፈረንጅ አፍ መጣ፤ ሀኒ ለሰርካለም ላከችላትና አነበበችው። ከዚያ ቀና ብላ ሰዎቹን አየች።

"ነክታችሁታል?"

"ጠምደን አይተነዋል። እማኝ አለኝ" አላት ቢሆነኝ።

"አያ ቢሆነኝ፣ አውርዳችሁ ከከፈታችሁት እኮ አይመልሱም። እነሱ ጋ የሚመለሰው ያልተነካ ብቻ ነው።"

"ያልተነካማ ምን አጥፍቶ ይመለሳል?"

ለዚህ ጥያቄ እስካሁን የሚመልስልኝ ሰው አላገኘሁም።

ሀኒ አልተቆጣችም። ይተዉት አጎቴ፣ ትንሽ ነገር ነው፣ ሰሞኑን ትክክለኛውን እገዛለሁ አለች። እዚያ ላይ ቢቆም ኖሮ ይህን የምናወራው እየሳቅን ነበር። ቢሆነኝ ግን ያን "ይተዉት" የሚለውን ቃል መዋጥ አቃተው። በዚህ ዕድሜዬ፣ አለ፣ የተኛ በሬ ይዤ ልግባ? ደጋግሞ አስደወለባት። በመጨረሻ ሰለቻት መሰለኝ፣ አንድ መንገድ አለ አለችው። "ለባንኬ አመልክቼ ብሩን ከእጃቸው ማስወጣት እችላለሁ። ግን ካምፓኒው ተናዶ የይታገሱን አካውንት ሊዘጋው ይችላል።"

"ሳጥኑ በእጄ ነው። የቤቱ ቁልፍ ባንገቴ ነው" አላት። "ከማዶ ሆኖ የእኔን ቤት በምን ይዘጋዋል? አመልክቺ።"

ስልኩን የያዘችለት ሰርካለም ነበረች፣ ሰምታለች። እጁን ያዘችው።

"አካውንቱ ያለው ሳጥኑ ውስጥ አይደለም፣ አያ ቢሆነኝ።"

"የት ነው ታዲያ?"

"እነሱ ጋ ነው።"

"ስሙን በዓይኔ እያየሁት?" አላት። እንደ ሕፃን ነው ያያት። እሷም ከዚህ በላይ አልገፋችም፤ ከአባቷ ከሚበልጥ ሰው ጋር ስንት ጊዜ ትከራከራለች?

ባንኩ ፈረደ፣ ብሩ ለሀኒ ተመለሰ። ቢሆነኝ ቅዳሜ ገበያ ሄዶ ለሰው ሁሉ ተናገረ። ለእኔም ነገረኝ። መካሪ ነኝ ባዩ እኔም፣ እንኳን ደስ ያለህ አልኩት። ጤፉ ታጭዶ ተወቅቶ ነበር። ሀብትነሽም በሚቀጥለው ሳምንት እሑድ ቅዳሴ ሲወጣ እህል ጫኝ መኪና ተሳፍሬ እመጣለሁ ብላ ልካበታለች።

ዓርብ ጧት ክንፈሚካኤል ማሽኑን ከፈተ። ባላው አልመጣም። አጠፋው፣ ከፈተው። አልመጣም። ሰርካለም ተጠርታ አነበበች፤ ይህ አካውንት ታግዷል ይላል። ጌሙ ሁሉ ተቆልፏል፣ የድሮውም፣ ይታገሱ በገዛ እጁ የገዛቸውም። ጅጋም የለም። በረኛውም የለም። አይጥ በበላ ዳዋ ተመታ ማለት ይህ ነው።

ቢሆነኝ መጀመሪያ አልገባውም። ከዚያ ሽማግሌ ልላክ አለ። አባ ወልደ ዮሐንስ ይሂዱ፣ እኔም እግራቸው ላይ እወድቃለሁ፣ ብሩንም ይውሰዱት፣ የተኛውን በሬም እቀበላለሁ አለ።

"ወደማን ነው የሚሄዱት?" አለች ሰርካለም።

ለካምፓኒው ጻፈችለት። መልሱ ጽፋ ሳትጨርስ መጣ። እንደገና የልጁን መሞት ጨምራ ጻፈች፤ ያው መልስ፣ ቃል በቃል፣ መጣ። የሚጽፈው ሰው አይደለም፣ ማሽን ነው አለችው። ቢሆነኝ አግዳሚው ላይ ተቀመጠ። ዕድሜ ልኩን የሰው ዓይን እያየ ነው የተከራከረው። ዓይን የሌለው ሻጭ አጋጥሞት አያውቅም።

ቅዳሜ ማታ ክንፈሚካኤል መጣ። ፈራ ተባ እያለ፣ አዲስ ስም መክፈት ይቻላል፣ ያንኑ ስም ልጽፈው እችላለሁ፣ እማማ አይለዩትም አለ። እኛ አገር ጥጃ የሞተባት ላም ወተቷን እንዳትነሣ፣ የጥጃውን ቆዳ ገፍፈው ገለባ ይሞሉትና ፊቷ ያቆሙላታል። ላሟ ትልሰዋለች፣ ትታለባለችም። ቢሆነኝ ያን ስንት ጊዜ በእጁ ሠርቷል።

"ጻፈው" አለ።

ሀብትነሽ እሑድ ቀትር ላይ ደረሰች። ጭነቱ ላይ፣ ከጆንያዎቹ መሃል፣ ነጠላዋን ዓይኗ ላይ አድርጋ ነው የመጣችው፤ መንገዱን አላየሁትም አለች። አግዳሚው ላይ አስቀመጧት። ጎረምሶቹ ሁሉ ተነሥተው ግድግዳውን ተደግፈው ቆሙ። ቢሆነኝ ራሱ ከፈተው። ስክሪኑ በራ፣ ባላው ብቅ አለ።

"ይሄ ነው?"

"ነው" አላት።

ተጠግታ በጣቷ ነካችው፣ ከላይ እስከ ታች፣ እንጨት እንደምትዳስስ አድርጋ። መስተዋቱ ላይ የነበረውን አቧራ በነጠላዋ ጫፍ ጠረገችው። ከዚያ ዞራ ባሏን አየችው።

"በር ላይ አቁሞኛል ያልከኝስ? አንተ የታለህ?"

ክንፈሚካኤል አንገቱን ደፋ። ሰርካለም ወደ ደጅ ወጣች። ገበያ መሃል ቆሞ አንድ ቀን ዋሽቶ የማያውቀው ቢሆነኝ ዓይኑን ከስክሪኑ ሳያነሣ መለሰላት።

"ዛሬ ተቀይሬያለሁ" አላት።

ሀብትነሽ ስክሪኑን ትታ ፊቱን አየችው። ብዙ አየችው። የጠየቀችው ሌላ ነገር የለም። ጋቢውን ከአግዳሚው አንሥታ ሳጥኑን እሷ ሸፈነችው፤ ጫፍና ጫፉን አጣጥፋ፣ ሬሳ እንደሚገነዝ ሰው፣ በደንብ። ከዚያ "ተነሥ፣ መኪናው ጥሎን ሳይመለስ እንሂድ" አለችው።

ቁልፉን ካንገቱ አውልቆ ለሰርካለም ሰጣትና ተከተላት።